እሺ ባዩ የጀርመንኛ መዝገበ ቃላት

ሐይቅ ከተማ ውስጥ ጽሕፈት ቤት ነበረኝ፤ ሁለት ኮምፒውተር፣ አንድ ፕሪንተርና ከእኔ በዕድሜ የሚበልጥ ወንበር። የምጽፈው በነፃ ሶፍትዌር ነው።

ለውጥ መጣ በተባለበት ሰሞን የከተማው ወጣት ግማሹ ጀርመንኛ መማር ጀመረ። ግማሹ ስል አሥራ አንድ ሰው ማለቴ ነው። ጀርመን አስታማሚ ይፈልጋል ተብሎ ነበር። እኔም ደሴ ሄጄ፣ ኢንተርኔቱ ሻል ያለበት ቤት ተቀምጬ፣ የጀርመንኛ ፊደል ማረሚያ መዝገበ ቃላት በፍላሽ ጭኜ መጣሁ። ሦስት ዓይነት ነበረ፤ የጀርመን፣ የኦስትሪያና የስዊዘርላንድ። እንዳይቀያየሙ ብዬ ሦስቱንም ጫንኩ።

የሠሩት አይተናቸው የማናውቅ በጎ ፈቃደኞች ናቸው። ቃላቱን አንድ በአንድ ለቅመው፣ የትኛው ቅጥያ በየትኛው ቃል ላይ እንደሚቀጠል በሌላ ፋይል ጽፈው፣ ለፈለገ ሁሉ በነፃ ትተውታል። ይህን ለአንድ ደንበኛዬ፣ ለአንድ ሼህ ባወራላቸው «ሰደቃ ነዋ» አሉና ወደ ጉዳያቸው ተመለሱ።

ጉዳያቸው የመሬት አቤቱታ ነበር፤ ለአማርኛውም እንዲሁ ያለ ማረሚያ ጭኜ ነበር። ከኋላዬ ቆመው ስክሪኑን ሲያዩ ስማቸው ሥር ቀይ ተሰምሯል።

«ልጄ፣ ይኼ ምንድን ነው?»

«ማሽኑ አላውቃቸውም ማለቱ ነው።»

«አባቴንም?»

«እስከ ሰባት ቤት ቢቆጥሩለት አያውቅም። ቀዩ ግን ወረቀቱ ላይ አይወጣም።»

«ባይወጣም አንሣው። የተጠረጠረ ስም ይዤ ዳኛ ፊት አልቀርብም።»

አነሣሁት። ቃሉን ጠቅ አድርጎ «ጨምር» ማለት ብቻ ነው፤ ማሽኑ ከዚያ ወዲያ ያንን ቃል፣ አማርኛም ይሁን ጀርመንኛ፣ ልክ ነው ብሎ ይኖራል።

ይኼ የቤቱ ልማድ ሆነ። እኛ ዘንድ ሰውን ፊት ለፊት ተሳስተሃል ማለት ነውር ነው፤ ደንበኛ ቀይ አይቶ ፊቱ ሲጠቁር እጨምርለታለሁ። ጀርመንኛ ተማሪዎቹም መልመጃቸውን ሲጽፉ ገጹ የበግ ዕርድ የዋለበት ይመስል ስለነበር፣ ሞራላቸው እንዳይነካ ጨመርኩላቸው። ዓመታት ጨመርኩ።

ከዚያ ጦርነቱ መጣ። ሸሸን፣ ተመለስን። አንደኛውን ኮምፒውተር በማዳበሪያ ከትቼ ደብረ ብርሃን ድረስ በጀርባዬ ተሸክሜዋለሁ ብዬ አወራለሁ፤ እውነቱ በአይሱዙ ነው። የቀረው ዕቃ ስንመለስ አልነበረም። ኔትወርክ የለም፤ መብራቱ ከጎረቤት ጄኔሬተር ነው።

በዚያ ሰሞን አንድ ረቡዕ ጠዋት የጤና ጣቢያዋ ነርስ ገባች። ከአሥራ አንዱ ጀርመንኛውን ያልተወችው እሷ ብቻ ነበረች። ጀርመን ያለ አንድ የአረጋውያን መጦሪያ ለሥልጠና ማመልከቻ የሚቀበለው እስከ ዓርብ ነው። ባለፈው ዓመት ልካ ጽሑፉ ስሕተት በዝቶበታል ብለው መልሰውባታል፤ ሦስተኛ ዕድል አይሰጡም። ሐሙስ በጠዋቱ መኪና ደብዳቤውን በፍላሽ ይዛ አዲስ አበባ ትሄዳለች፤ ከዚያ ትልከዋለች።

ሁለት ገጽ ጻፈች። አንድ ቀይ መስመር የለም።

«አየሽ ሲስተር፣ ጀርመኖቹ ራሳቸው እንዲህ አይጽፉም።»

አልሳቀችም። «ጋሼ፣ ደሴ ያለው አስተማሪዬ አንድ ገጽ እንኳ ያለ ቀይ እስክሪብቶ መልሶልኝ አያውቅም። ይኼ ማሽን ይዋሻል።»

«ማሽን አይዋሽም።»

«እንግዲያው ማን አስዋሸው?»

የጨመርኩትን ዝርዝር ከፈትኩላት። ቢዘረጋ ውጫሌ ይደርሳል። ሼሁ ከነአያታቸው፣ የዕድር አባላት፣ የሐይቅ እስጢፋኖስ መነኮሳት፤ በመካከላቸው ደግሞ ተማሪዎቹ የፈለሰፉት ጀርመንኛ። ጣቷን አንዱ ላይ አሳረፈች።

«ይኼ የእኔ ነው። የመጀመሪያው ወር ላይ የጻፍኩት።»

«ቅር እንዳይልሽ ብዬ ነው።»

«ቅር ቢለኝ ይሻል ነበር። አጥፋው።»

«ሁሉንም?»

«አንድ በአንድ ስንለቅም መኪናው ይሄዳል። ሁሉንም።»

እጄ ዘገየ። ከስሞቹ መካከል በጦርነቱ ያለፉ ነበሩ፤ ሼሁም አንዱ ናቸው። ሌላ ቦታ የተጻፈ ስም እንዳላቸው ለራሴ ነገርኩና አጠፋሁት።

ደብዳቤው ወዲያው ቀላ። ማሽኑ አማራጭ እያቀረበ፣ እሷ ደብተሯን እያገላበጠች፣ እኔ ለጄኔሬተሩ ቤንዚን እየለመንኩ ዘጠኝ ሰዓት ሆነ። በመጨረሻ የቀሩት ሁለት ቀዮች ስሟና የከተማችን ስም ነበሩ። ጣቴ እንደ ልማዱ ወደ «ጨምር» ሲሄድ እጄን ያዘችው።

«አትንካው። እነዚህ ልክ መሆናቸውን አውቃለሁ።»

ሐሙስ ሄደች፤ ዓርብ ላከችው። ኔትወርክ ሲለቀቅ ከአዲስ አበባ ደወለች፤ በቪዲዮ አነጋግረዋታል።

«ምን አሉሽ?»

«ደብዳቤሽ ግልጽ ነው፣ ቦታውን ይዘንልሻል። ንግግርሽ ግን ገና ነው፣ ስድስት ወር ተማሪ አሉኝ።»

«እንዲህ ፊት ለፊት? አልከፋሽም?»

«ምኑ ይከፋል ጋሼ፤ የጎደለኝን ነገሩኝ እኮ።»

ስድስቱን ወር እዚያው አዲስ አበባ ተማረች። በሰባተኛው ሄደች።