የረሳኋት ጳጉሜን ስድስት

ልንወጣ ስንል ማታ እናቴ ከእንዝርቷ ላይ ረጅም ፈትል ቆርጣ በእጄ አስጨበጠችኝ። ባለቤቴ በመሬት ልኬታ ከሹሙ ተጣልቶ ስለሚፈለግ፣ ለፍኖተ ሰላም ጎረቤቶቻችን «ቡሬ ገበያ ደርሰን እንመጣለን» ብለን ሱዳን ልንሻገር ነበር።

«ቀን እንዳይጠፋብሽ በየዕለቱ አንድ ቋጠሮ ቋጥሪ» አለች። «በእንቁጣጣሽ ማለዳ ከደጄ ቆሜ እጠራሻለሁ። አንቺም በዚያው ሰዓት ጥሪኝ።»

«እሺ እማዬ፤ ብቻ አንቺ እንዳትረሺ!»

ይህን ያልኩት እኔ ነኝ፤ እስከ ሦስተኛ ክፍል የተማርኩት።

ከገዳሪፍ ወዲያ ካለች የሰሊጥ መንደር ገባን። የእኛ የሚያዝያ ፀሐይ ለእነሱ ጥላ ነው። ኪስራ የሚሉት እንጀራቸው ዓይን የለውም፤ ስጎርሰው የሚያየኝ ያጣሁ ይመስለኛል። እዚያ የተጠጋነው የጎጃም ሰዎች ቄስ ስላልነበረን፣ ጾሙም በዓሉም ከእኔ ፈትል ይጠየቅ ጀመር። ሁለት ዓመት ሳልሳሳት ቆጠርኩና ኮራሁ።

በሦስተኛው ዓመት አምስት ጳጉሜን ቋጥሬ «ነገ እንቁጣጣሽ ነው» አልኩ። አደይ አበባ ስላጣሁ የወገኖቼን ልጆች የዱባ አበባ አስያዝኳቸው። ዶሮ ታረደ። ወደ አገሬ ዞሬ «እማዬ!» ብዬ ስጮህ አከራያችን ሐጅ ኢድሪስ ከአጥር ወዲያ ብቅ አሉ።

«ያ ሐበሺያ፣ አንቺ ሐበሻ፣ ማን ሞተ?»

«አዲስ ዓመታችን ነው» ብዬ ዳቦ ቆረስኩላቸው።

በማግስቱ ማለዳ አንድ መሪጌታ በዓሉን ከእኛ ጋር ሊያከብሩ ከመተማ መጡ። አጥንቱን አዩ።

«ምነው፣ ዶሮውን በዋዜማው ጨረሳችሁት?»

«መሪጌታ፣ እንቁጣጣሽኮ ትናንት ነበር» አልኳቸው፤ ላስተምራቸው!

«እመት ዓይናለም፣ ያለፈው ዘመን ሉቃስ አይደለም እንዴ? ጳጉሜን ስድስት ናት። ስድስተኛዋን ከዶሮው ጋር በላችኋት?»

ሁሉም ሳቀ፤ ከሁሉ አብልጦ ባለቤቴ። ሐጅ ሲነገራቸው «ታዲያ የዛሬው ዳቦ የታለ?» አሉኝ።

«አለቀ።»

«አዲስ ዓመት ሁለቴ፣ ዳቦ አንዴ?»

ስንከራከር ረፈደ። ኋላ ነው የገባኝ፤ እኔ ስለ ዳቦ ስሟገት እናቴ ከደጇ ቆማ ትጠራኝ ነበር።

በጥቅምት ነጋዴ ደብዳቤዋን አመጣልኝ፤ በዲያቆን ያስጻፈችው ነው። «ዓይናለም፣ ጠራሁሽ። ሌላ ጊዜ ጆሮዬ ጭው ይል ነበር፤ ዘንድሮ ዝም አለኝ። ደህና ነሽ?»

እውነቱን ልጽፍ ጀምሬ ቀደድኩት፤ ዲያቆኑ ጮክ ብሎ ሲያነብላት ሰፈሩ ሁሉ ይስቅብኛል። ኋላ «ይሳቁ» ብዬ ጻፍኩ፦ «ጠርቼሽ ነበር እማዬ፤ አንድ ቀን ቸኩዬ ነው።» ይድረሳት አይድረሳት እንጃ።

ከዚያ ወዲህ ቋጠሮዬን ስለማላምን በየማለዳው እጠራታለሁ። ሐጅም ከአጥር ወዲያ «ዛሬም አዲስ ዓመት ነው?» ይሉኛል።