ነበሩ የሚባለው አለቃ

ባለቤቴ ፅጌረዳ ከሰኞ እስከ ዓርብ ግሮቭፖርት የዕቃ መጋዘን ውስጥ ትሠራለች፤ ቅዳሜና እሑድ የኮሎምበስን ሙሽሮች በቪዲዮ ትቀርጻለች። እኔ ባሏ ስለሆንኩ ትራይፖድ እሸከማለሁ። ይስማማሃል ወይ ብሎ የጠየቀኝ የለም።

አንድ ቅዳሜ ሳዮቶ ወንዝ ዳር፣ ሙሽራዋ ሜካፕ እስክታስተካክል ፅጌረዳ የታሪክ ሰሌዳ አነበበች። ሾኒ የሚባሉት የአገሩ ቀደምት ሕዝቦች፣ እኛ ቀይ ህንዶች ከምንላቸው ወገን፣ በወንዙ ዳር መንደር እንደነበራቸው፣ መንግሥትም ወደ ምዕራብ እንዳባረራቸው ይናገራል።

"አንድርያስ፣ እኛ ቤት የገዛነው የማን መሬት ላይ ነው?" አለችኝ።

"የባንኩ" አልኳት። አልሳቀችም።

ከዚያ ወዲህ የዓመት ፈቃዷ ሁሉ ስለ ሾኒዎች ለጀመረችው ዶክመንተሪ ሆነ፤ የእኔም። በአማርኛ፣ ለእኛ ሰው። የሐበሻ ሱቅና ምግብ ቤት በሞላበት ሞርስ ሮድ ላይ "ስለ ህንዶች ፊልም እየሠራን ነው" ስንል ሰዉ ሁሉ ሒሳብ ያስተማረውን ህንዳዊ እያነሳ ያጫውተን ጀመር።

ፊልሙን የተሸከመው ቶሚ ነው። ቶሚ ሾኒ ነው፤ ሕዝቡ በተባረረበት ኦክላሆማ የትምህርት ቤት አውቶቡስ ይነዳል። የአባቶቹን መባረር ካሜራ ፊት የነገረን እሱ ብቻ ነው፤ እሱ ከወጣ የሚቀረን ወንዝና በቆሎ ነው። አስቀድሞ ግን ተነጋግረናል፤ ፊልሙን ከሕዝብ በፊት ያየዋል፣ ካልወደደው ፊቱ ከፊልሙ ይወጣል።

ተራኪው ጋሼ ለማ ናቸው። በከተማችን ሰው ሲሞት የሕይወት ታሪክ የሚያነቡት እሳቸው ናቸው፤ ድምፃቸው ሟቹን የማያውቀውን እንኳ ያስለቅሳል።

ቶሚ ፊልሙን ሊያይ መጥቶ ምድር ቤታችን ተቀመጠ። ጋሼ ለማም ከረባታቸውን አስረው መጡ። ፊልሙ ተከፈተ። "ሾኒዎች ታታሪ ገበሬዎች ነበሩ። ጀግኖች ነበሩ። እንግዳ ተቀባዮች ነበሩ።"

አማርኛ የማያውቀው ቶሚ የሚደጋገመውን ቃል ጥቂት አዳመጠና "ነበሩ ማነው? አለቃችን ነው?" ሲል ጠየቀ።

"ሰው አይደለም። 'ዌር' ማለት ነው" አለችው ፅጌረዳ ቀስ ብላ።

"አውቶቡሴ ላይ የምጭናቸው ልጆች ሾኒዎች ናቸው። ዓርብ ዕለት ጆሮዬን ሲያደነቁሩት ዋሉ" አለ። "ፊቴን አውጪው።"

ፅጌረዳ አፈረች። እኔ የተሸከምኩትን ሁሉ አስቤ ተናደድኩ። ግን እውነቱን ነው፤ ሰውየውን አጠገባችን አስቀምጠን ተዝካሩን እያወጣንለት ነበር።

"ጋሼ፣ እንደገና ሪከርድ እናድርገው፤ 'ናቸው' እያሉ" አለች።

"ልጄ፣ እኔ ሰው ቀብሬ እንጂ አስነሥቼ አላውቅም" አሉ። ቢሆንም ማይኩ ፊት ተቀመጡ። "ሾኒዎች ገበሬዎች ና... ነበሩ።" ደጋግመው ሞከሩት። ምላሳቸው ለቀብር የተገራ ነው።

ቶሚ ኮቱን አነሳ።

ጋሼ ለማ ተጨነቁ። እንግዳ ቅር ብሎት ሲወጣ ዝም ብሎ ማየት አልሆነላቸውም። ከማይኩ ዞር አሉና "ለመሆኑ አቶ ቶሚ፣ ቤተሰቡ፣ ዘመድ አዝማዱ ሁሉ እንዴት ናችሁ?" አሉ።

ፅጌረዳ ተረጎመችለት።

"እናንተ ይህን ስትጠየቁ ምን ትላላችሁ?" አላት።

"'አለን' እንላለን።" ትርጉሙንም ነገረችው።

ቶሚ አንድ እጁን ኮቱ ውስጥ እንዳስገባ ቆመ። ማይኩ አልተዘጋም፤ እየቀዳ ነው።

"አለን" አለ።

"ተመስገን" አሉ ጋሼ ለማ፣ በልማድ።

ቶሚ ኮቱን መልሶ አስቀመጠ። "ትረካው ይውጣ፣ ይሄ ይግባ" አላት ፅጌረዳን። "ፊቴንም እንዳለ ተይው።"