እሬት ያልሆነው እሬት

ችግኝ መሸጫው ግቢ ውስጥ የሚሠሩት ሁሉ አትክልተኛዋን «ባለሁለት ስሟ» ይሏታል። እሷ የምትጠራበት ስም አንድ ነው፤ ለተክል ግን ሁለት ስም ካልጠራች አንጀቷ አይርስም።

ዕውቀቱን ያገኘችው መጥረጊያ ይዛ ነው። በወጣትነቷ አንድ ኮሌጅ ውስጥ፣ የደረቁ ዕፅዋት ወረቀት ላይ ተለጥፈው የሚቀመጡበትን ክፍል ዐሥራ አንድ ዓመት አጽድታለች። የክፍሉ ኃላፊ የነበሩት ሽማግሌ መምህር አቧራ ስትወለውል አንዳንዱን ወረቀት እያወጡ ያስነብቧት ነበር። «የኛ ስም ከራሳችን ይጀምርና ወደ አባታችን ይሄዳል» ይሏታል። «የተክል ሳይንሳዊ ስም የተገላቢጦሽ ነው፤ መጀመሪያ ወገኑ፣ ቀጥሎ የራሱ። የሰፈር ስሙንማ ማንም እንዳሻው ያወጣለታል።»

መምህሩ ጡረታ ሲወጡ እሷም ችግኝ መሸጫው ተቀጠረች። የመጀመሪያውን ወር ቆርቆሮ እየቆረጠች፣ ከላይ የሰፈሩን ስም፣ ከታች ሳይንሳዊውን ጽፋ በየችግኙ ሥር ሰካች። ባለቤቱ መጥቶ ሲያይ ራሱን ያዘ።

«ይሄ ሁሉ ምንድን ነው? ደንበኛዬ መድኃኒት ቤት የገባ ይመስለዋል እኮ!» ብሎ አንድ በአንድ ነቀለው።

ከዚያ በኋላ የነበረው ሰባት ዓመት ጨጓራዋን ላጠው። አንዷ ትመጣና «ያቺ እናቴ ቤት የነበረችው አለች?» ትላታለች።

«ስሟ ማን ነው?»

«አበባ ናታ!»

ከሁሉ የባሰባት የእሬቱ ነገር ነበር። ባለቤቱ እሬትንና ቃጫን ጎን ለጎን ደርድሮ፣ ሁለቱም ወፍራም ቅጠልና እሾህ ስላላቸው ብቻ፣ ሁለቱንም «እሬት» ይላቸዋል።

«ጋሼ፣ ይሄኛው እሬት አይደለም። ቃጫ ነው፣ ሳይንሳዊ ስሙ አጋቬ አሜሪካና፤ ፈሳሹ ቆዳ ይልጣል» አለችው።

«አሜሪካና? እንዲያውም ዋጋ ይጨመርበታል!» ብሎ ሳቀ።

አንድ ረቡዕ፣ ደንበኛ ቤት አጥር ልትተክል በሄደችበት፣ ታላቅ እህቷ ደወለች። «ቶሎ ነይልኝ፣ ፊቴ እሳት ሆነ!»

ስትደርስ እህቷ ዓይኗ እስኪጠፋ አብጣለች። የወጥ ቤቱ ጠረጴዛ ላይ የተሰነጠቀ ቅጠል አለ፤ ውስጡ ክር ክር፣ ጫፉ ላይ እንደ መርፌ የሾለ ጥቁር እሾህ። ከበር ላይ ሆና አወቀችው።

«እትዬ፣ ይሄን ማን ሸጠልሽ?»

«አንቺ መሥሪያ ቤት ነዋ! ባለቤቱን ፊቴ ደረቀብኝ፣ እሬት ስጠኝ አልኩት፣ ሰጠኝ።»

«እሬት ብሎ ጠራው እንጂ መቼ እሬት ሰጠሽ!»

«እኔ እየተቃጠልኩ አንቺ ስም ታርሚያለሽ?»

ከሷ ጋር መከራከር ድንጋይ መቀቀል ነው። ፊቷን በብዙ ውኃ አጠበችላት፤ ቅጠሉን በፌስታል ጠቅልላ እየጎተተች ክሊኒክ ወሰደቻት።

«እናቴ፣ ምንድን ነው የተቀቡት?» አለች ወጣቷ ሐኪም።

«እሬት።»

ሐኪሟ ካርዱ ላይ «እሬት አይስማማቸውም» ብላ መጻፍ ጀመረች።

«ኧረ በፈጣሪ እንዳይጻፍ!» ብላ ታናሽየዋ ጮኸች። ፌስታሉን ፈትታ ቅጠሉን ጠረጴዛው ላይ ዘረገፈችው። «የተቀባችው ይሄን ነው። አጋቬ አሜሪካና።»

ሐኪሟ ቅጠሉን አየች፣ ታናሽየዋን አየች፣ የጻፈችውን ሰረዘች። «ፊደሎቹን ቀስ ብለው ይንገሩኝ» አለቻት።

አንድ በአንድ ነገረቻት። ከመምህሩ ወዲህ ስሙን ድገሚልኝ ያላት ሰው አልነበረምና በነጠላዋ ጫፍ ዓይኗን ጠረገች። እህቷ ባበጠ ዓይኗ ሽቅብ አየቻትና «አሁን ደግሞ ምን ያስለቅስሻል? የነደደው የኔ ፊት!» አለቻት።

በማግስቱ ጠዋት ቅጠሉን እንደያዘች ባለቤቱ ክፍል ገባች።

«እህቴ ፊቷ ተቃጥሏል። እሬት ነው ብለው የሸጡላት ይሄን ነው።»

«ሰው ሁሉ እሬት ነው እኮ የሚለው!»

«እንግዲያው ይኸው። እሬት ከሆነ ይቀቡት።»

ባለቤቱ ቅጠሉን አየ፤ ሁለት እጁን ኪሱ ውስጥ ከተተ። በመጨረሻም «ቆርቆሮውን መልሺው» አለ። ቀጥሎም እህቷን ይቅርታ ሊጠይቅ ሄደ፤ ለደኅና ሰዓት ተሰድቦ ተመለሰ።

ባለቤቱ «በወጉ ይሁን» ብሎ ጽሑፉን ለታፔላ ጻፊ ሰጠ። ጻፊው የእሬትን ሳይንሳዊ ስም፣ «አሎ ቬራ» የሚለውን፣ ሰማንያ ቦታ «ሃሎ ቬራ» ብሎ ጻፈው።

«ስልክ አነሳህ እንዴ?» አለችው።

«ስህተቱን የሚያውቅ ማን አለ?» አላት።

ሰማንያውንም ፍቃ በራሷ እጅ ደግማ ጻፈችው። የእህቷ ፊት በዐሥረኛው ቀን እንደ ሽንኩርት ተልጦ ዳነ። ባለቤቱም ከዚያ ወዲህ ጠያቂ ሲመጣ «እሷን ጠይቋት» ስለሚል፣ ምሳዋን በሰላም በልታ አታውቅም።

ባለፈው ሳምንት አንድ ሰውዬ እሬቱ ፊት ቆሞ ታፔላውን ለረጅም ጊዜ አነበበ። ደስ አላት፤ ማንኪያዋን አስቀምጣ ጠጋ አለች።

«ከሁለቱ የትኛው ነው ስሙ?» አላት።

«ሁለቱም።»

ሰውዬው አሰበበት። «በቃ፣ ለኔ አንዱን ብቻ ስጪኝ» አላት።