ሻምፒዮን ሸምሱ ማን ነው?

ትናንት ከሰዓት በኋላ ነው። ገበያው ቀዝቅዞ ሱቄ ውስጥ ተቀምጫለሁ... አንድ ሽማግሌ ደጅ ቆመው ታፔላዬን ያነባሉ። አንብበው ትንሽ ይራመዳሉ፣ ተመልሰው ደግሞ ያነባሉ።

የሱቄ ስም «ሻምፒዮን ሸምሱ ብርድ ልብስ» ነው። ሸምሱ አባቴ ነው፤ አላህ ይዘንለትና ከሞተ ሁለት ዓመት አልፎታል። በደርግ ጊዜ የብርድ ልብስ ፋብሪካ ሠራተኛ ነበር፤ በክብደት ማንሳት የወዛደሮች ሻምፒዮን። በኛ መስመር ይህን የማያውቅ ነጋዴ የለም። ደንበኛም «የሻምፒዮኑ ልጅ አያታልልም» እያለ ነው የሚገባው። ለኔ ታፔላው ራሱ ዕቃ ነው።

«ይግቡ ጋሼ፣ ወፍራምም ስስም አለ» አልኳቸው።

ገቡ፤ ብርድ ልብሱን ግን ዞር ብለውም አላዩት። አንገታቸው ወፍራም ነው፣ መዳፋቸው እንደ አካፋ የሰፋ። የሸምሱ ልጅ ነህ ወይ ብለው ጠየቁኝ። አዎ አልኩ፣ መሞቱንም ነገርኳቸው። አንገታቸውን ደፉ።

«አፈሩን ያቅልልለት። ሻምፒዮን ሸምሱ ግን እኔ ነኝ» አሉ።

መርካቶ ውስጥ የማላየው አጭበርባሪ የለም፤ አባትህን ነኝ ብሎ የመጣ ግን ገጥሞኝ አያውቅም። ሰውየው ከአማኑኤል ሆስፒታል በኩል መጥተው ይሆን እንዴ ብዬም አሰብኩ። ግን መቆጣት ገበያ ያባርራል። የታሰረ ብርድ ልብስ ላይ አስቀመጥኳቸውና «እስቲ ያጫውቱኝ» አልኩ።

ስማቸው ተካ ነው። ያኔ በርበሬ በረንዳ ጆንያ ተሸካሚ ነበሩ። አንድ ቀን ፋብሪካ ሁሉ በየስፖርቱ ተወዳዳሪ ያቅርብ የሚል ትእዛዝ ከበላይ ወረደ። የአባቴ ፋብሪካ ሯጭ ነበረው፣ ኳስ ተጫዋችም ነበረው፤ ብረት የሚያነሳ ግን ጠፋ። የስፖርት ኃላፊው ሲዞር ጋሽ ተካን ጆንያ በጆንያ ላይ ደርበው ሲሄዱ አያቸው። ችግሩ፣ መወዳደር የሚችለው የፋብሪካው ሠራተኛ ብቻ ነው። ስለዚህ በኪሎ ከሳቸው ጋር የሚቀራረብ ሠራተኛ ተፈልጎ አባቴ ተገኘ። ጋሽ ተካ በሸምሱ ስም አንስተው አሸነፉ፤ አባቴ ሕዝቡ መሀል ተቀምጦ ለራሱ ስም አጨበጨበ።

«አዳራሹ ሸምሱ ሸምሱ ይላል፣ እኔ በሆዴ ማርያም ማርያም እላለሁ» አሉኝ። በኋላማ መንገድ ላይ ሌላ ሸምሱ ሲጠራ አቤት ማለት ጀምረው ነበር።

ታሪኩ እዚህ ቢያልቅ ደህና ነበር። ግን ሸምሱ የተባለው ሻምፒዮን ለስልጠና ወደ አንድ ሶሻሊስት አገር እንዲላክ ተመረጠ። ኃላፊው እውነቱን ቢናገር ራሱ ሊታሰር ነው። ፓስፖርቱ በሸምሱ ስምና ፎቶ ወጣ... የሄደውም አባቴ ሆነ። ብረት ነክቶ የማያውቀው ሰውዬ!

አባቴ ውጭ አገር ሠልጥኖ መምጣቱን ሰፈሩ ሁሉ ስለሚያውቅ፣ ይህን ከሰው ሰምተው ይሆናል አልኳቸው። በትህትና ነው ያልኩት።

አልተቀየሙም። «ሊሄድ ሲል እኔ ዘንድ መጣ። ብረቱን ፊቴ ሲያስቀምጡት ምን ልበላቸው አለኝ። ወገቤን በላቸው አልኩት። ወገብን ሐኪምም ገልጦ አያየውም።»



አባቴ አንድ እስር ብርድ ልብስ እንኳ አንስቶ አያውቅም። ዕቃ ሲራገፍ በርጩማው ላይ ተቀምጦ «እኔ ወገቤን ለሀገር ሰጥቻለሁ» ይለን ነበር። እኛ ልጆቹ ስንሸከም አደግን፣ እናታችን በየምሽቱ ወገቡን በዘይት ስታሽ ኖረች። ደግሞ ይህን ከቤት ውጭ አናወራውም፤ የሻምፒዮን ወገብ ታሟል ቢባል ለንግዱ ጥሩ አይደለም። ታዲያ እኚህ ሰው ከየት ሰሙት?

«ጋሼ፣ ታዲያ እኔ ምን ላድርግልዎ? ታፔላው ይነሳ?»

ታፔላውን ተወው አሉ። አባቴ ከመመለሱ በፊት እሳቸው ለወደብ ሥራ አሰብ ወርደው ስለነበር፣ ከዚያ ወዲህ አልተገናኙም። የመጡት ለአንድ ነገር ብቻ ነው።

«እዚያ ምን እንዳየ ነግሯችኋል? የኔ መንገድ ነበር እኮ።»

አባቴ ሲያወራ የሰማሁትን ሁሉ አስታወስኩ። ጫማ የሚውጠውን በረዶ ነገርኳቸው፣ በየቀኑ የሚቀርበውን የጎመን ሾርባ፣ ዙሪያው መስታወት የሆነውን አዳራሽ። ዓይናቸውን ጨፍነው ያዳምጣሉ። አንዳንዴ መንገዱን እንደሚያውቅ ሰው ራሳቸውን ይነቀንቃሉ።

ከዚያ ዓይናቸውን ገለጡ። «ብረቱስ? የኛው ዝጎ መዳፍ ይልጥ ነበር። የፋብሪካው አሠልጣኝ የዚያ አገር ብረት እጅ ውስጥ ይሽከረከራል ይለን ነበር። እውነት ነው?»

አባቴ ስለ በረዶው መዓት አውርቷል፣ ስለ ብረቱ ግን አንዲት ቃል ተናግሮ አያውቅም። ይህን ልብ ያልኩት ገና ያኔ ነው። ሰውየው ደግሞ መዳፋቸውን ዘርግተው ይጠብቃሉ። በንግድ ዘመኔ ያላየሁትን ዕቃ አይቻለሁ ብዬ አላውቅም።

«ይሽከረከራል» አልኳቸው። «በጣት ሲነኩት ይዞራል ብሎናል።»

«አውቄዋለሁ» አሉ ቀስ ብለው። ብርድ ልብስ ልስጥዎ ብል እንቢ አሉኝ፤ ትከሻዬን መታ አድርገው ወደ ራጉኤል በኩል ወረዱ።

ስልኬን አውጥቼ እናቴ ጋ ልደውል አልኩና መልሼ ኪሴ ከተትኩት። የትኛውን ነው የምጠይቃት፣ ስለ ሻምፒዮንነቱ ወይስ ስለ ወገቡ?

አባቴ ሳያነሳ ሻምፒዮን ሆነ፣ እኔ ሳላይ ምስክር ሆንኩ... ዘር ከልጓም ይስባል የሚሉት ይሄን ይሆን?