የሬሳ አጣቢዋ ልጅ

ሊና ሹክሪ ስለ እናቷ በተጠየቀች ቁጥር «ነርስ ናት» ትል ነበር። ሆስፒታሉን ከጠየቋት ወሬ ትለውጣለች። እናቷ ሐጃ ነብዊያ የሚት ገምር ከተማ ሬሳ አጣቢ መሆኗን ነዋሪው በሙሉ ያውቃል፤ የልጅቷም እውነተኛ ስም ኢንሳፍ እንደሆነ እንዲሁ። ካይሮ ግን አያውቅም። እሷን እንቅልፍ የሚነሳት በሁለቱ ከተሞች መሃል ቀኑን ሙሉ የሚመላለሰው ሚኒባስ ነበር። አንድ ወሬኛ ተሳፍሮ ቢመጣ ያለቀላት እየመሰላት ዓመታት አለፉ።

ፍርሃቱ የጀመረው መዳም ፊርያል ሱቅ ነው። ኢንሳፍ ንግድ ልትማር ካይሮ በመጣች በሁለተኛው ዓመት፣ የሙሽራ ልብስ ሻጯ መዳም ፊርያል መንገድ ላይ አይታት ቁመቷን ወደደችላትና ቬሎ አልብሳ ፎቶ አስነሳቻት። ፎቶው መስኮቱ ላይ ተሰቀለ። ሙሽሮች ደግሞ ጉዳቸው ብዙ ነው። አንዷ የልብሷን ዘርፍ የሰፋችው ሴት ባሏ የሞተባት መሆኗን ሰምታ፣ «ዕጣዋን በላዬ ሰፍታብኛለች!» ብላ ሱቁን በጩኸት ቀውጢ አድርጋ ስፌቱን በሙሉ አስፈታችው። ኢንሳፍ ያን ቀን ሌላ ቬሎ ለብሳ ቆማ ነበር። ባል የሞተባት እንዲህ ከሆነች የሬሳ አጣቢ ልጅ ምን ልትባል ነው?

ማታውኑ ስልክ ደውላ፣ እየተንተባተበች፣ ካይሮ ላይ ነርስ እንደምትላት ለእናቷ ነገረቻት።

«ነርስ?» አለች ሐጃ ነብዊያ። ሳቀች። «መርፌ መውጋት አልችል እንጂ ሥራውስ ያው ነው። በይ፣ ምን ቸገረኝ።»

ኢንሳፍም አለች። ስሟንም ለወጠች። ከቬሎው ወደ ሻምፑ ማስታወቂያ፣ ከሻምፑው ወደ ቅቤ ማስታወቂያ ተሻገረች፤ ከዚያ ድራማ ውስጥ ገባች። ግን ምን ዓይነት ድራማ! ጸሐፊ ሆና ፋይል ታቀብላለች፣ የአየር መንገድ አስተናጋጅ ሆና ፈገግ ትላለች፣ ሙሽራ ሆና ትቀመጣለች። ሰባት ዓመት ሙሉ አንድ ሙሉ አረፍተ ነገር የሰጣት ሰው አልነበረም። አንድ ጋዜጣ «የልብስ ማንጠልጠያ» ሲል ጻፈባት። ጋዜጣውን ቀዳ ጣለችው፤ ቃሉን ግን መቅደድ አልቻለችም።

በሃያ ዘጠኝ ዓመቷ ዳይሬክተሩ ራኡፍ፣ ካይሮ በአክብሮት «ኡስታዝ» የሚለው፣ በአዲስ ድራማ ላይ አስተማሪ አድርጎ ወሰዳት። አሥራ አራት ክፍል፣ እውነተኛ ንግግር፣ እውነተኛ ለቅሶ። «አሥራ አራተኛው ላይ ትሞቻለሽ» አላት፤ «እሱን ካሳመርሽልኝ የሚቀጥለው ሥራ ዋናዋ አንቺ ነሽ።» ደስታዋ ጽሑፉን እስክታነብ ነበር። አስተማሪዋ ትሞትና ትታጠባለች፤ ካሜራው የአጣቢዋን እጅ ይከተላል።

የፊልም ሰው ደግሞ ሞትን ሲጫወተው ጀግና ነው፤ ስሙን ሲሰማ ግን ክፉን ለማራቅ ጨው ይበትናል። ቃሬዛው ስቱዲዮ የገባ ቀን መብራት የሚይዙት እንኳ ሊነኩት ፈሩ። ኢንሳፍ አንሶላው ስር ተጋደመች። አጣቢዋን የምትጫወተው ሲት ኢግላል የምትባል፣ በየድራማው ጎረቤት ሆና የምትጮህ፣ ደግ ግን ችኩል ሴት ነበረች። «ካሜራ!» ሲባል ውሃውን አንስታ ከግራ እግር ጀመረች። ፊቷ ላይ ደፋችባት። ክንዷን እንደ ምንጣፍ ወለወለችው።

«አቁሙ! ግሩም!» አለ ኡስታዝ ራኡፍ።

ኢንሳፍ ዓይኗን አልገለጠችም። ይህ ክፍል በሚታይበት ረቡዕ እናቷ ቤት የሚሰበሰቡት ሴቶች ይታዩዋት ጀመር። እናቱን፣ እህቱን፣ ልጁን ሐጃ ነብዊያ ያላጠበችለት ቤት በዚያ ሰፈር የለም። እነሱ ሁሉ ባሉበት የገዛ ልጇ እንዲህ ስትወለወል ልታይ ነው። ዝም ካለች እናቷ ትዋረዳለች፤ ከተናገረች ደግሞ ከየት አወቅሽ ትባላለች።

«ልክ አይደለም» አለች ድንገት፣ ተነስታ እየተቀመጠች።

«ምኑ?»

«ሁሉም። በቀኝ ነው የሚጀመረው። ውሃው አይደፋም፣ ይንቆረቆራል። ደግሞ ቀስ ነው። ሰው ነው እኮ፣ ምንጣፍ አይደለም።»

ሲት ኢግላል እጇን ወገቧ ላይ አደረገች። «ኧረግ! አንቺ ስንት ሰው አጥበሽ ነው እመቤቴ?»

ሁሉም ሳቁ። ኢንሳፍ «አያቴ ስትሞት አይቼ» ልትል አፏን ከፈተች። ውሸቱ ተዘጋጅቶ ምላሷ ላይ ነበር። ምን እንደነካት እሷም አታውቅም።

«እናቴ ሬሳ አጣቢ ናት» አለች።

ሳቁ ቆመ። ጠዋት ፀጉሯን ስታበጥርላት የነበረችው ልጅ አንድ እርምጃ ወደ ኋላ ሄደች፤ ኢንሳፍ አየቻት። አንድ ሰው «አላህ ይጠብቀን» ሲል ሰማች። በቃ፣ አለቀ አለች በልቧ። ኡስታዝ ራኡፍ ግን ሌላ ፍጡር ነው፤ ከጥሩ ምስል በቀር የሚፈራውም የሚያፍርበትም የለውም። እጁን አጨበጨበ።

«አምጪያታ! እጇን ብቻ ነው የምቀርጸው። ነገ ጠዋት!»

«አትመጣም።»

«እንግዲያው ሲት ኢግላልን የቀረጽኩት ይበቃኛል።»

ኢንሳፍ ደወለች። አትመጣም ብላ ፈራች፤ እሺ ስትላት ደግሞ የባሰ ፈራች።

ሐጃ ነብዊያ በማግሥቱ በመጀመሪያው ሚኒባስ ደረሰች፤ ጥቁር ልብሷን ለብሳ፣ በፌስታል ሳሙናና የሬሳ ሽቶ ካፉር ይዛ፣ ለሠራተኛው ሁሉ የሚበቃ በቅቤ የተጋገረ ፈጢር ተሸክማ። ፈጢሩን የነካው የለም። ሁሉም ከቁርስ የመጣ ሆነ። እሷ እንዳላየች ሆና መልሳ ሸፈነችው፤ ኢንሳፍ መሬት ተሰንጥቃ ብትውጣት በወደደች።

«ሐጃ፣ ለሲት ኢግላል ያሳዩዋታል ወይስ ራስዎ ይሠሩታል?» አለ ኡስታዝ ራኡፍ።

«የገዛ ልጄን? አብደሃል ልጄ?» አለችው። «አሳይቻት እሄዳለሁ።»

አሳየች። ሲት ኢግላል ሞከረች። የኢንሳፍን ራስ ስታነሳ ከእጇ አምልጦ ከእንጨቱ ጋር ተጋጨ። ሐጃ ነብዊያ ከዚያ በላይ አልቻለችም። እጅጌዋን ሰብስባ፣ «ወዲያ በይልኝ» አለቻት። ከዚያ ወደ ሰማይ ቀና ብላ፣ ሰው ሁሉ እየሰማ፣ «ጌታዬ፣ አንተ ታውቃለህ፣ ሬሳ አይደለም የማጥበው፣ ልጄን ነው» አለች።

«ድምፅዎን አንጠቀምበትም፣ የፈለጉትን ይበሉ» አላት ኡስታዝ ራኡፍ። «ሊና፣ አንቺ ግን ከተንቀሳቀስሽ ገደልሽኝ። ካሜራ!»

ውሃው በቀኝ ትከሻዋ ላይ መንቆርቆር ጀመረ፤ ለብ ያለ ነበር። ቀጥሎ የእናቷ እጅ መጣ። ኢንሳፍ ያን እጅ ታውቀው ኖሯል? አታውቀውም። በአሥራ አንድ ዓመቷ የትምህርት ቤት ልጆች «የሬሳ እጅ ነው የሚያጎርስሽ» ብለው ከሳቁባት ቀን ጀምሮ እናቷ ገላዋን እንድትነካት ፈቅዳ አታውቅም። ሲሳሳሙ እንኳ ትከሻዋን ታስቀድም ነበር። እናቷም አንድ ቀን ለምን ብላ አልጠየቀቻትም። አሁን ያ እጅ ክንዷን፣ ጣቶቿን አንድ በአንድ፣ የጆሮዋን ኋላ ያጥባል። ሻካራ ነበር፤ ደግሞ በጣም ቀስ ይላል። እንባ ከመጣ ሬሳ ያለቅሳል፤ ሰባት ዓመቱም፣ የሚቀጥለው ሥራም፣ አብሮ ይጠፋል። ጥርሷን እንዳይታወቅ ነክሳ ያዘችው።

ፀጉሯ ላይ ሲደርስ እጁ ዘገየ።

«ኢንሳፍ» አለች እናቷ በሹክሹክታ።

ዝም አለች።

«ኢንሳፍ፣ በረደሽ?»

ትንፋሿን ያዘች።

«ኢንሳፌ?» ድምፁ ተለውጧል። ጣቶቹ አንገቷ ላይ መንቀጥቀጥ ጀመሩ፤ ስንቱን አጥበው ያልተንቀጠቀጡ ጣቶች። ኢንሳፍ ሁሉንም ሰማች፤ አንድ ጅማት አላንቀሳቀሰችም።

«አቁሙ!» ኡስታዝ ራኡፍ ጮኸ። ሲት ኢግላል እያለቀሰች ነበር፤ መብራት ያዡ ጭምር። «ሊና! ዋናዋ አንቺ ነሽ፣ ሰማሽ? ማንም ማንጠልጠያ አይልሽም ከዛሬ ወዲያ!» ሰው ሁሉ አጨበጨበ። ማንም ሳይነግራት፣ የሬሳ አጣቢ ልጅን ሁለተኛ ቬሎ የሚያለብስ እንደሌለ ኢንሳፍ ያኔ ገብቷታል፤ ግን ያን የምታስብበት ጊዜ አላገኘችም። ዓይኗን ገልጣ እናቷን ፈለገች። የለችም።

ያገኘቻት ውጪ፣ ግድግዳው ስር፣ የኤሌክትሪክ ሽቦ ጥቅል ላይ ቁጭ ብላ ነው። እርጥብ እጆቿን ጉልበቷ ላይ ዘርግታ ታያቸዋለች። ኢንሳፍ አንሶላውን ተጠቅልላ በባዶ እግሯ ፊቷ ተንበረከከች።

«እማዬ፣ ምን ሆንሽ?»

«ሦስቴ ጠራሁሽ።»

«ትወና ነበር እኮ እማዬ። መልስ ብሰጥ ይበላሻል።»

«አውቃለሁ። ሞኝ አይደለሁም።» አፍንጫዋን በሻሿ ጫፍ ጠረገች። «ስንቱን አጠብኩ፣ ሁሉንም በስማቸው እጠራለሁ። ማንም መልሶልኝ አያውቅም። ዛሬ ረሳሁት። ትመልስልኛለች አልኩ።»

በሩ ላይ ሰዎች ተሰብስበው ነበር፤ ፀጉር አበጣሪዋም። ኢንሳፍ አየቻቸው። የእናቷን ሁለት እጆች አንስታ ጉንጮቿ ላይ አደረገቻቸው።

«እንደገና ጥሪኝ» አለች።

«ተይ፣ ሰው ያየናል።»

«ጥሪኝ እንጂ።»

«ኢንሳፍ» አለች ሐጃ ነብዊያ፣ እየፈራች።

«አቤት እማዬ።»

«ኢንሳፍ።»

«አቤት።»

«ኢንሳፌ።»

«አቤት፣ እዚህ ነኝ፣ አቤት።»