እህቴ የገዛቻት መንደር

ባለፈው ዓመት፣ የበጋው ንፋስ የአዳማን አቧራ በየሱቁ ደጃፍ እያዞረ በሚያስለን ሰሞን፣ አንድ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ወደ ሞባይል መጠገኛ ሱቄ ገባና እንደ ደብተር ታጥፎ የሚዘጋ፣ በእጅ ይዘው የሚጫወቱበት አሮጌ የጌም ማጫወቻ ጠረጴዛዬ ላይ አስቀመጠ። ክዳኑን ስከፍተው ማጠፊያው ቀጭ አለ። ከውስጡም የሞቀ ፕላስቲክና የቆየ የእጅ ላብ የተቀላቀለበት ሽታ ወጣ። ያንን ሽታ አውቀዋለሁ። ከልጅነቴ ሽታዎች ሁሉ ሳሸተው የሚያሳፍረኝ እሱ ብቻ ነው።

ልጁ ጌሞቹን በስህተት አጥፍቷቸው ነበር። መልሶ እንዳያወርዳቸው ደግሞ ማሽኑ ዋይፋይ አልቀበል ብሎታል።

"አንዴ የጠፋ ጌም ምን ብሎ ይመለሳል?" አልኩት።

"ከገዛኸው እኮ ያንተ ነው፣ በስምህ ተመዝግቧል" አለኝ፤ የሞባይል ጠጋኝ ይህን አለማወቁ እየገረመው። "ያጠፋኸው ከማሽኑ ላይ ብቻ ነው። ግን ቶሎ በልልኝ፤ ሠሪዎቹ ለዚህ ሞዴል የሚሰጡትን አገልግሎት በወሩ መጨረሻ ሊዘጉት ነው። ከዚያ በኋላ የገዛኸውንም አታገኘውም።"

ወሩ ሊያልቅ አራት ቀን ቀርቶት ነበር። የልጁን ማሽን ሠርቼ ሸኘሁት፤ ከዚያ ሱቁን ዘግቼ ወደ ቤት ሄድኩ፤ ገና እኩለ ቀን ነበር።

ታላቅ እህቴ ዘሃራ፣ እኛ ቤት እታለም ነው የምንላት፣ ከዓረብ አገር የተመለሰችው እኔ ስድስተኛ ክፍል ሳለሁ ነው። ቤታችን ከአውቶቡስ መናኸሪያው ጀርባ ነበር፤ አባባ በጭነት መኪናው ከመቂ የሚያመጣው ሽንኩርት ግቢው ውስጥ ስለሚራገፍ ደብተሬም፣ የትምህርት ቤት ሹራቤም፣ የበዓል ልብሴም ሽንኩርት ሽንኩርት ይሸቱ ነበር፤ እኩለ ቀን ላይ የጣራው ቆርቆሮ በፀሐይ ሲንጣጣ ሰው የሚራመድበት ይመስል ነበር። እታለም ከመሄዷ በፊት ሳቋ ሦስት ቤት ያልፍ ነበር ይላሉ። ስትመለስ ግን ሁለት ሻንጣ፣ ወፍራም ብርድ ልብሶች፣ ለእማዬ ሽቶ፣ ለራሷ ደግሞ የተማሪውን የመሰለች ሰማያዊ የጌም ማሽን ይዛ፣ ድምፅዋን እዚያው ትታው መጣች።

በየቀኑ ከአሥር ሰዓት በኋላ፣ ፀሐይዋ ከግቢው ግማሽ ላይ ስትነሳ፣ ደጃፉ ደረጃ ላይ ተቀምጣ ማሽኗን ትከፍታለች። ውስጡ አንዲት ትንሽ መንደር ነበረች፤ ወንዝ አላት፣ ፍሬ ያንጠለጠሉ ዛፎች አሏት፣ ሁለት ጎን ለጎን የቆሙ ቤቶች አሏት። እታለም አበባ ታጠጣለች፣ ፍሬ ትለቅማለች፣ ከዚያ አንድ የፖስታ ሳጥን ትከፍትና የሆነ ጽሑፍ ታነባለች፤ ስታነብ ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል፣ አንዳንዴም ፈገግ ትላለች። ሃያ ደቂቃ ያህል ቆይታ ቀጭ አድርጋ ትዘጋዋለች። እማዬ የከንፈሯን መንቀሳቀስ አይታ ልጇ ሐዲስ የምታነብ መስሏት ለጎረቤት ሁሉ አውርታ ነበር፤ ግቢያችንን አልፎ የሚሄድ ሽማግሌ በዚያ ሰዓት እታለምን ሲያያት ድምፁን ዝቅ አድርጎ ነበር የሚያልፈው። እኔ እውነቱን ባውቅም አልተናገርኩም፤ ዓርብ ከሶላት በኋላ ማሽኑን አንድ ሰዓት ስለምትሰጠኝ አፌ የተዘጋ ነበር።

ዓመቱ መጨረሻ ላይ ፈተናዬን ካለፍኩ የኳስ ጌም ልትገዛልኝ ቃል ገባች። አለፍኩ። ያን ጊዜ ኢንተርኔት በየቤቱ አልነበረምና ዋይፋይ ወዳለው አንድ ሆቴል ወሰደችኝ፤ በረንዳው ላይ ተቀምጠን ለእኔ አናናስ ጭማቂ፣ ለእሷ ማኪያቶ አዘዘች፤ ጌሙንም ገዛችልኝ። ማሽኑ ግን ማውረድ ሊጀምር ሲል ቦታ የለም የሚል ጽሑፍ አወጣ።

"ሚሞሪው ሞልቷል። በሚቀጥለው ሳምንት ትልቅ ሚሞሪ እንገዛለን፣ እሺ አንዋሬ?" ብላኝ እጇን ልትታጠብ ተነሳች።

አንድ ሳምንት ለአሥራ ሁለት ዓመት ልጅ ምን ያህል እንደሚረዝም የሚያውቅ ያውቀዋል። ማሽኑን አነሳሁት። ውስጡ ካሉት ነገሮች ሁሉ ብዙ ቦታ የያዘችው መንደሯ ነበረች። አጥፋ የሚለውን ነካሁ፤ እርግጠኛ ነህ ብሎ ጠየቀኝ፣ አዎ አልኩ። የተከማቸውም ሁሉ አብሮ ይጠፋል ብሎ ሁለተኛ ጠየቀኝ። እንግሊዝኛው አልጠፋብኝም፤ ጎበዝ ተማሪ ነበርኩ። ወደ ውስጥ በሚያስገባው በር በኩል ቀሚሷ ብቅ እንዳይል እያየሁ ሁለተኛውንም አዎ ነካሁ። ተመልሳ ስትመጣ የኳስ ጌሙ እየወረደ ነበር። "ቦታ አገኘ" አልኳት። ደስ ብሏት ጭንቅላቴን ዳበሰችኝ።

በዚያኑ ቀን አሥር ሰዓት ላይ ደረጃው ላይ ተቀምጣ ማሽኑን ከፈተች። ግቢው ውስጥ ኳስ እያነጠርኩ በጎን አያታለሁ። ጣቷ ወደ ቀኝ ሄደ፣ ወደ ግራ ተመለሰ፣ እንደገና ወደ ቀኝ ሄደ።

"አንዋር፣ መንደሬ የታለች?"

"እኔ አልነካሁም። ራሱ ነው የጠፋው። ቫይረስ ይሆናል።"

ትቆጣለች ብዬ ጠብቄ ነበር፤ ብትቆጣ ምናልባት እናገር ነበር። እሷ ግን ማሽኑን ቀስ ብላ ዘጋችና "እንግዲህ አንተው ያዘው" ብላ ሰጠችኝ፤ ገብታም በር ዘጋች። ከዚያ ቀን በኋላ አልነካችውም። እኔ፣ አላህ ይቅር ይበለኝ፣ የመጀመሪያውን ሳምንት ማሽኑ የእኔ ብቻ በመሆኑ ደስተኛ ነበርኩ። ኀፍረቱ የመጣው ቆይቶ ነው፤ ማሽኑን ስከፍት ሽታው ብቻ የሚያስጠላኝ ጊዜ መጣና ብረት ሳጥን ውስጥ ቆለፍኩበት። እታለም አርሲ ነገሌ አግብታ የጨርቅ ሱቅ ከፈተች፣ ልጆች ወለደች። እኔም እዚሁ ቀረሁ፣ አደግኩ፤ ስለዚያ ቀን ግን ለማንም ትንፍሽ አላልኩም።

ተማሪውን በሸኘሁበት ቀን ሳጥኑን ለመክፈት አልደፈርኩም፤ በማግስቱ ግን ማሽኑን አወጣሁት። ባትሪው አብጦ ክዳኑን ገፍቶታል። ሌላ ፈልጌ እስክገጥምለት አንድ ቀን ሙሉ ሄደ። ሲበራ፣ የተገዙት ጌሞች የሚወርዱበትን ገጽ ለመክፈት የእህቴን የምስጢር ቃል ጠየቀኝ፤ የምስጢር ቃሉን ለረሳ ሰው ደግሞ አንድ ጥያቄ ነበረው። የልብ ጓደኛሽ ማን ናት? ይላል። መመለስ የሚቻለው ሦስት ጊዜ ብቻ ነው። ሦስቱንም ከሳትኩ ይቆለፋል።

ደወልኩላት። ሰበብ ፈጥሬ መልሱን በስልክ ልቀበላት፣ ጌሙን አውርጄም እንዲሁ በድንገት አገኘሁት ብዬ ልወስድላት አስቤ ነበር።

"እታለም፣ ድሮ የልብ ጓደኛሽ ማን ነበረች?"

"ማን ነገረህ?" አለችኝ፤ ያንን ድምፅዋን ሰምቼው አላውቅም። መዋሸት አቃተኝ። "ነገ እመጣለሁ" ብዬ ዘጋሁት።

በማግስቱ፣ አገልግሎቱ ሊዘጋ አንድ ቀን ሲቀረው፣ በጠዋት ሚኒባስ ተሳፈርኩ። ማሽኑን ጉልበቴ ላይ እንደ እንቁላል ይዤ፣ መቂንና ባቱን አልፈን እስከ አርሲ ነገሌ የምለውን ስደረድርና ሳፈርስ ሄድኩ፤ ሱቋ ስደርስ አንዱም አልነበረም። እታለም ለአንዲት ገበያተኛ ጨርቅ እየቆረጠች ነበር።

"ያን ቀን ራሱ አልጠፋም" አልኳት ሳልቀመጥ።

"ምኑ?"

"መንደርሽ። እኔ ነኝ ያጠፋሁት። ለኳስ ጌሙ ቦታ እንዲሆን ብዬ።"

መቀሱ ጨርቁ መሀል ላይ ቆመ። ገበያተኛዋ እኔንና እሷን ተራ በተራ አየች። እታለም ቀና ሳትል "ቦሩ ኮቱ" አለቻት፤ ነገ ነዪ። ሴትዮዋ እስክትወጣ ጠበቀች።

"እኔ እኮ" አለች፣ "የአላህ ፈቃድ ነው ብዬ ነው የተቀበልኩት። ስንት ዓመት! ያንተን ጣት የአላህ ፈቃድ ነው እያልኩ ኖርኩ።"

ቁጭ ብላ በሻርፗ ጫፍ ፊቷን ጠረገች፤ ከዚያም እስከ ያን ቀን ድረስ ከቤተሰቡ ማናችንም የማናውቀውን ነገረችኝ። ትሠራበት በነበረው ሕንፃ ላይ፣ እሷ ሁለተኛ ፎቅ፣ ጽጌ የምትባል የሁሩታ ከተማ ልጅ ደግሞ ሦስተኛ ፎቅ የቤት ሠራተኞች ነበሩ። ሁለቱም ከቤት መውጣት አይፈቀድላቸውም። መጀመሪያ የተያዩት አንድ ቀን ደረጃ ላይ ቆሻሻ ሲያወጡ ነው፤ ከዚያ በኋላም የሚገናኙት በዚያው ሰበብ ለጥቂት ደቂቃ ነበር። ጽጌ የአሠሪዎቿ ልጆች የተውት ማሽን ነበራት፤ እታለምም ከደሞዟ አጠራቅማ የራሷን አስገዛች፣ መንደሯንም ገዛች። ማሽኖቹ ቅርብ ለቅርብ ስለሆኑ ያለ ኢንተርኔት፣ ሁለቱን ፎቆች በሚለየው ጣራ አልፈው ይገናኙ ነበርና ጽጌ በየቀኑ ወደ እታለም መንደር ትመጣለች፣ አጠገቧ ቤት ሠራች፣ ፖስታ ሳጥኑ ውስጥም ደብዳቤ ትጥላለች፤ በእንግሊዝኛ ፊደል የተጻፈ አማርኛ። አሥራ አንድ ደብዳቤ ጻፈች። ከዚያ ትኩሳት ያዛት፤ ሐኪም ቤት የወሰዷት ከዘገዩ በኋላ ነው። እዚያው ተቀበረች። ፎቶ እንኳ አልነበራቸውም።

"እንግዲህ ክፈተው" አለችኝ።

የስልኬን ኢንተርኔት ለማሽኑ አጋራሁ፤ ጥያቄው መጣ። ጽጌ ብዬ በእንግሊዝኛ ፊደል ጻፍኩ። ስህተት ነው አለ። አንድ ፊደል ጨምሬ ደገምኩ። ስህተት ነው፣ አንድ ዕድል ቀርቶሃል አለ። ስሙን በሌላ ዓይነት ፊደል ልሞክር ስል እታለም እጄን ያዘችኝ።

"ቆይ። ቆይ፣ አትቸኩል። ማሽኑን ደረጃው ላይ በስሜ የመዘገበችልኝ ራሷ ጽጌ ናት፤ እኔ እንግሊዝኛ አልችልም ነበር። ጥያቄውን ስታነብልኝ ሳቀች... ስሟን አልነበረም እኮ የምጠራት። ሁሩታ ነበር የምላት። ሁሩታ ብለህ ጻፍ።"

ጻፍኩ። ለመንካት ግን አንድ ሙሉ ደቂቃ ፈጀብኝ። ነካሁት። የተገዙት ዝርዝር ወጣ፤ ከኳስ ጌሙ በታች መንደሯ አለች፣ ከነሥዕሏ። ማውረድ ጀመረ፤ መስመሩ እየተንቀራፈፈ ሲሞላ፣ ግማሽ ላይ ሲቆም፣ እንደገና ሲነሳ ሁለታችንም ጎን ለጎን ሆነን አየነው። ሲያበቃ ከፈትኩት። ድሮ ደረጃው ላይ ሆና ስትከፍተው እሰማው የነበረው ሙዚቃ መጣ። እታለም አፏን በእጇ ያዘች።

ከዚያ ማሽኑ የመንደርሽን ስም አስገቢ አላት። ወንዝ አለ፣ ዛፎች አሉ፤ አንድም ቤት የለም። የፖስታ ሳጥን የለም። ምናልባት የተቀመጠ ቅጂ ይኖራል ብዬ ያለውን ሁሉ ፈተሽኩ፣ ሁለት ጊዜ፣ ሦስት ጊዜ። የተገዛው ተመለሰ፤ የተሠራው ግን የለም። እኔ ሁለተኛውን አዎ በነካሁበት ሰዓት ሄዷል።

"ተወው" አለች እታለም፤ ቁጣዋ ወጥቶ የቀረው ድካም ብቻ ነበር። "ታውቃለህ አንዋር፣ ያን ቀን እኔ ነኝ ብትለኝ ኖሮ እመታህ ነበር። ከዚያ ለምን እንደመታሁህ ትጠይቀኛለህ፤ እነግርሃለሁ። ያኔ ደብዳቤዎቹን አሥራ አንዱንም በቃሌ አውቃቸው ነበር።"

ከጨርቅ ጥቅል የተረፈ ካርቶን አንስቼ እስክሪብቶ አወጣሁ። "አሁን የምታስታውሺውን ንገሪኝ" አልኳት። እስከ ቀትር ተቀመጥን። የመጀመሪያው ሙሉ በሙሉ መጣላት፤ ዛሬ ሩዙን አሳረርኩት፣ እመቤቲቱ ጮኸችብኝ፣ ተናድጄ ካንቺ ዛፍ ሁለት ፍሬ ሰርቄያለሁና አትቆጪኝ ይላል። ሌላውም መጣላት፤ ስንመለስ ከናዝሬት አብረን እንሳፈራለን፣ ደራን ካለፍን በኋላ እንቅልፍ ይወስደኛል፣ ሁሩታ ስንደርስ ቀስቅሺኝ ይላል። ሦስተኛው፣ እናቴ በስልክ ስታናግረኝ፣ ብሎ ይጀምራል። እናቷ ምን እንዳለቻት ግን እታለም ደጋግማ ጀምራው አልደረሰችበትም። የቀሩት ስምንቱ የሉም።

አገልግሎቱ በማግስቱ ተዘጋ። ማሽኑ እሷ ጋ ነው፤ መንደሪቱ ስም አልወጣላትም። ካርቶኑ ግን እኔ ሱቅ ግድግዳ ላይ አለ፤ አንዳንድ ቀን፣ ሥራ መሀል፣ እታለም ትደውልና "አንድ ቃል መጣልኝ" ትለኛለች፤ የምጠግነውን ስልክ ትቼ እጽፋለሁ። እስካሁን አራት ቃል መጥቷል። ባለፈው ሐሙስም ደወለች። እስክሪብቶዬን አንስቼ ጠበቅኩ። ትንፋሽዋ ይሰማኛል፣ ከኋላዋ የገበያው ጫጫታ ይሰማኛል።

"እታለም?" አልኳት።

"ቃሏ ስልኩን እስክታነሳ ድረስ ነበረች" አለችኝ።