ዕዳው ሲጋመስ

ሙሉሰው ደርቤን በደንብ አውቀዋለሁ የሚል ሰው ደብረ ማርቆስ ውስጥ ቢገኝ ውሸቱን ነው። ይህን የሚጽፈው ሰውም ቢሆን ሁለት ሱሪ ከማሰፋት በቀር አያውቀውም፤ ሁለተኛው ሱሪ ደግሞ ጠቦ ነበር። እዚህ የሚተረከው ሚስቱ የኔአለም ያየችውና የሰማችው ነው። እሷ ሃያ ሦስት ዓመት አብራው ኖራለች፤ ያም ሆኖ «አውቀዋለሁ» ለማለት ትንሽ ታመነታለች።

ሙሉሰው ልብስ ሰፊ ነው። ከስፌቱ ይልቅ የሚኮራው ግን በዕቁብ ዳኝነቱ ነው። የገበያው ነጋዴ ሁሉ የእሱን ዕቁብ ይጥላል፤ ገንዘብ ጎደለ ተብሎ አንድ ቀን ሰው አልተጣላም። ዕጣ የወጣለት ሰው ዋስ ሳይጠራ ብሩን አይነካም። የሚጥለውን ያዘገየ እንደሆነ ሙሉሰው ሱቁ ድረስ ሄዶ፣ ምንም ሳይናገር፣ በር ላይ ይቆማል። ዓለም ላይ ያለ የገንዘብ ነገር ሁሉ ከዕቁብ የወጣ ይመስለዋል።

እናም በሁለት ሺህ ሰባት ዓ.ም. ጥር ላይ፣ አንድ ባንክ ለቤት መግዣ ሦስት መቶ ሺህ ብር ሊያበድረው ሲፈቅድ፣ ነገሩን የተረዳው በሚያውቀው መንገድ ነበር።

«ሰማሽ የኔአለም፣ የባንክ ብድር ማለት አንደኛው ዕጣ ለእኔ የወጣበት ዕቁብ ማለት ነው። ብሩን ቀድሜ በላሁ። ከእንግዲህ ሃያ ዓመት መጣል ነው። አሥር ዓመት ስጥል ተጋመሰ፤ ሃያ ስጥል አለቀ።»

«ወለድ አለው ይላሉ እኮ።»

«እሷ የዳኛው ድርሻ ናት። ዳኛ ሳይቀምስ የሚያልፍ ዕቁብ የት አይተሻል?»

የሚፈርሙ ዕለት ባንኩ ውስጥ ጎን ለጎን ተቀመጡ። ሙሉሰው አዲስ ኮት ለብሷል፤ ራሱ የሰፋው ነው። ወረቀቱ ብዙ ነበር፤ እሱ ግን እያንዳንዱ ገጽ ላይ ሳያነብ፣ በሚያምር ፊርማ ፈረመ። የኔአለም በመጨረሻ፣ «በወር ሦስት ሺህ ሰባት መቶ ሠላሳ ከሆነ፣ ሃያ ዓመት ሙሉ ሲደመር ስንት ይመጣል?» ብላ ጠየቀች። ሙሉሰው ከጠረጴዛው ሥር እግሯን ረገጣት።

ሲወጡ፣ «ባንክ ቤት እንዲህ አይጠየቅም» አላት። «ቆጣቢ ድሃ ነው የሚያስመስለን።»

በዚያው ሳምንት ሙሉሰው ሁለት ስለት ተሳለ። አንዱ ለሰፈሩ ማርያም ነው፦ ዕዳው ሲጋመስ፣ በጥር ሃያ አንድ፣ በወርቅ ዘርፍ ያጌጠ ድባብ ራሱ ሰፍቶ ሊያገባ። ሁለተኛው ለየኔአለም ነው፤ ይሄኛው ስለት ይባል እንደሆነ እንጃ፤ ለእሷ ግን ስለት ነበር። የተገዛው ቤት ፊት ለፊት አራት ክፍል ያለው የሲሚንቶ ቤት ነው፤ ከጀርባ ሁለት ጠባብ የሰርቪስ ክፍሎች አሉት። የወሩን ክፍያ ለመቻል ፊተኛውን ማከራየት ግድ ሆነ። «እስኪጋመስ ብቻ» አላት። «ሲጋመስ ተከራዩን አስወጥቼ ፊት ቤት አስገባሻለሁ። ከዚያ በኋላ ያለው ቁልቁለት ነው።»

ለማስያዣም ይሁን ብሎ የፊት ቤቱን መስኮቶች ለክቶ መጋረጃ ሰፋላት። ውኃ ሰማያዊ ነው፤ ነጫጭ ወፎች ይበሩበታል። የኔአለም አጣጥፋ የቆርቆሮ ሳጥን ውስጥ አስቀመጠችው።

ቤቱ ሲመረቅ ወይፈን ታረደ። ሙሉሰው እንግዶቹን እየመራ ግድግዳውን በጥፍሩ እያንኳኳ «ስሙት እስቲ! ስሙት!» ይል ነበር። የየኔአለም ታናሽ ወንድም ዘመነ ከደምበጫ መጥቶ ነበር። እሱ በየዓመቱ ድንች እየሸጠ፣ አንድ አንድ ክፍል እየጨመረ፣ የጭቃ ቤት የሚሠራ ሰው ነው፤ ያን ጊዜ ሁለተኛው ክፍል ገና ክዳን አልነበረውም።

«አያ ሙሉሰው፣ ካርታውን አታሳየንም?»

«ባንክ አስቀምጬዋለሁ። ከሌባ፣ ከእሳት፣ ከአይጥ ይጠበቃል።»

«ከአንተስ?» አለ ዘመነ። ቤቱ ሁሉ ሳቀ። ሙሉሰውም ሳቀ፤ ግን ለዘመነ በዚያ ቀን ስለ ጭቃ ቤት የሰጠውን ምክር ሰው እስከ ዛሬ ያወራዋል። ለዝናብ የሚቀልጥ ቤት የሠራ ሰው፣ አለ፣ ስለ ካርታ ምን ያውቃል።

የወይፈኑ ሥጋ ሆድ ውስጥ ሳይፈጭ ባልና ሚስቱ ሰርቪስ ገቡ። አልጋው ሲገባ ሳጥኑ ውጭ ቀረ፤ ሳጥኑ ሲገባ በሩ አልዘጋ አለ። የኔአለም የልብስ መዝጊያ ቁልፍ እየተከለች፣ በትንሿ መስኮት በኩል የራሷን ሳሎን ጀርባ ታያለች። ተከራይ በተከራይ ተተካ። የመጨረሻው እንዳላማው የሚባል፣ ትሑትና ንጹሕ ሰው ሆነ፤ የሚሠራው ሙሉሰው በተበደረበት ባንክ፣ ብድር ክፍል ነው። እንግዲህ ባንኩ ለእንዳላማው ደመወዝ ይከፍላል፤ እንዳላማው ለሙሉሰው ኪራይ ይከፍላል፤ ሙሉሰው ያንኑ ብር መልሶ ለባንኩ ይከፍላል። ብሩ ግቢውን ዞሮ ሲሄድ የኔአለም በመስኮቷ ታየዋለች። ኪራዩ ባንኩን፣ መርፌው እነሱን ያበላል።

ሙሉሰው ግን ደስተኛ ነበር። ሱቁ ቤት ለመግዛት ለሚያስቡ ሰዎች ምክር ቤት ሆነ። «ኪራይ የምትከፍል ሰው አንተ ነህ ሞኙ» ይላል፣ የሰው ወገብ እየለካ። «እኔ ለራሴ ነው የምጥለው። አሥር ዓመት ነው፣ ተጋመሰልህ!» ከሉማሜ ድረስ መጥተው የጠየቁት አሉ።

አሥረኛው ዓመት ሊሞላ ሲል ድባቡን ጀመረ። የብረት አጥንቱን ከአዲስ አበባ አስመጣ፤ ወይን ጠጅ ቀለም ያለው ከፋይ ጨርቅ ገዛ፤ ሱቁን በጊዜ እየዘጋ፣ ሰው ሳያስገባ፣ ሰፋ። በታኅሣሥ አጋማሽ ጨርሶ በአንሶላ ሸፍኖ አቆመው። ለየኔአለም ያሳያት ጥልፉን ብቻ ነው። በወርቅ ክር፣ ዙሪያውን፣ «የቤቴን ዕዳ ላጋመስሽልኝ ለእመቤቴ ማርያም፤ ሙሉሰው ደርቤና ቤተሰቡ» ይላል።

«‹ስለረዳሽኝ› ብቻ ብትለው ምን ነበር?» አለችው።

«ሰው ምን እንደተደረገልኝ ይወቅ እንጂ!»

ይህም አልበቃው። ጥር ሃያ አንድ ቀን ስለቱ ሲነገር አብሮ የሚነበብ፣ ዕዳው መጋመሱን የሚመሰክር ወረቀት እንዲያወጣለት እንዳላማውን አዘዘው። ማኅተም ያለበት። ማርያም ማኅተም እንደማትጠይቅ የነገረው የለም።

እንዳላማው አንድ ሳምንት ሙሉ ከሙሉሰው ዓይን ሸሸ። ለበዓሉ ሁለት ቀን ሲቀረው ግን አመሻሽ ላይ ግቢ ውስጥ ተገጣጠሙ። ዘመነም ለንግሡ ከደምበጫ መጥቶ ከየኔአለም ጋር ደጅ ተቀምጧል።

«ጋሼ ሙሉሰው፣ ወረቀቱን ማስጻፍ አልቻልኩም።»

«ማኅተሙ ጠፋ?»

«ማኅተሙስ አለ። እኩሌታው ነው የሌለው።»

ሙሉሰው ሳቀ።

«የቀረብዎት ሁለት መቶ አርባ ሺህ ብር ነው» አለ እንዳላማው፣ መሬት እያየ።

«መቶ ሃምሳ ልትል ነው።»

«ሁለት መቶ አርባ። ትንሽ ሽርፍራፊም አለው።»

«አንተ ልጅ! አሥር ዓመት አንድ ወር ሳላሳልፍ ጥያለሁ እኮ!»

«ጥለዋል ጋሼ፣ ማን ካደ። እስካሁን አራት መቶ አርባ ሰባት ሺህ ከፍለዋል።»

የኔአለም ከተቀመጠችበት ተነሣች። «ከተበደርነው በላይ ማለት ነው?»

«አዎ፣ እትዬ።»

«ታዲያ ምኑ ቀረ?»

እንዳላማው እንደ ጥፋተኛ እጆቹን አጣመረ። «ባንኩ ከሚከፈለው ላይ አስቀድሞ የሚያነሳው ወለዱን ነው። ወለዱ ደግሞ የሚታሰበው ገና ባልተከፈለው ዕዳ ላይ ነው። በመጀመሪያው ወር የሦስት መቶ ሺሁ ወለድ ሦስት ሺህ አምስት መቶ ብር ነበር። ከከፈሉት ውስጥ ከዋናው ዕዳ ላይ የተቀነሰችው የተረፈችዋ ሁለት መቶ ሠላሳ ብር ብቻ ናት። በየወሩ ወለዱ በጥቂት በጥቂቱ እያነሰ፣ የሚቀነሰው እያደገ ይሄዳል። የሚሮጠው መጨረሻው አካባቢ ነው።»

«ሁለት መቶ ሠላሳ?» አለ ሙሉሰው። «ይሄ እኮ የአንድ ተማሪ ዩኒፎርም ማሰፊያ ነው! ዕቁብ ውስጥ የጣለ ጣለ ነው። አሥር የጣለ፣ አሥር ቀረው።»

«ዕቁብ አይደለም፣ ጋሼ።»

«መቼ ነው ታዲያ የሚጋመሰው?»

«አሥራ አምስት ዓመት ተኩል ገደማ ላይ። ገና አምስት ዓመት ተኩል አለ።»

«ሃያ ዓመት ሙሉ ሲደመርስ ስንት ይመጣል?» አለች የኔአለም። ጥያቄው አሥር ዓመት አፏ ውስጥ ቆይቷል። በዚህ ጊዜ እግሯን የረገጠው የለም።

«ስምንት መቶ ዘጠና አምስት ሺህ።»

ዘመነ ተነሥቶ ግቢውን ዙሪያውን ቃኘ፤ አጥሩ ጥግ ድረስ ሄዶ ተመለሰ። «አያ ሙሉሰው፣ የሦስት ቤት ዋጋ ነው የሚባለው። እኔ የማየው አንድ ነው። ሁለቱን የት ደበቅሃቸው?»

«ዝም በል አንተ! ይህ ቤት ዛሬ ሦስት ሚሊዮን ያወጣል!»

«ትሸጠዋለህ?»

«ሸጬ የት ልገባ?»

«እህ፣ አሁንስ የት ገብተሃል?»

ሙሉሰው ወደ ሰርቪሱ ሳያስበው ዞሮ አየ። ከዚያ ቁጣውን በእንዳላማው ላይ አወረደ። «ስድስት ዓመት አንድ ግቢ ስንኖር፣ አንድ ቀን እንኳ አትነግረኝም?»

«የሚያውቁ መስሎኝ። የአከፋፈል ሰንጠረዡ ሲፈርሙ ተሰጥቶዎታል፤ ገጹ ሁሉ ላይ ፊርማዎ አለ። እውነቱን ለመናገር፣ ባለፈው ዓመት ኪራይ ሲጨምሩብኝ ልነግርዎት ዳድቶኝ ነበር።»

በማግስቱ ሙሉሰው የንስሐ አባቱን ቄስ ሙላትን አስጠራ። የኔአለም ከሁለተኛው ክፍል ሆና ሰማች፤ ሰርቪስ ውስጥ ምስጢር የሚያስቀምጡበት ቦታ የለም።

«አባ፣ ዕዳዬ አልተጋመሰም። ድባቡ ደግሞ ተጋመሰ ይላል። ጥልፉን ልፍታው ብል፣ ከፋይ የተወጋበትን አይረሳም፤ ቀዳዳው ይታያል።»

«አሥር ዓመት ጤና ሰጥታ አላስከፈለችህም?»

«አስከፍላኛለች።»

«በል፣ አግባ። እመቤታችን ወለድ አትቆጥርም። አሮጌው ድባብ ደግሞ ባለፈው ክረምት ታቦቱ ላይ አፍስሷል።»

«ሰው ፊት ውሸት አይሆንብኝም?»

ቄስ ሙላት ሊሄዱ ተነሡ። «የሚያነበው ዲያቆኑ ነው» አሉ።

ጥር ሃያ አንድ ቀን ሕዝቡ የቤተ ክርስቲያኑን ቅጥር ሞላው። የሙሉሰው የዕቁብ አባላት ሁሉ ነጭ ለብሰው ከፊት ቆመዋል። ዲያቆኑ ጮክ ብሎ፣ «ወንድማችን ሙሉሰው ደርቤ፣ የቤታቸውን ዕዳ እመቤታችን ስላጋመሰችላቸው፣ ይህን ድባብ አግብተዋል!» ሲል እልልታው ቀለጠ። ሙሉሰው አንገቱን ደፋ፤ ያየው ሁሉ ከትሕትና ቆጠረለት። አንዱ ነጋዴ ለሌላው፣ «እኔም በሚቀጥለው ወር ባንክ እገባለሁ» ሲል የኔአለም ሰማች። እሷም አብራ እልል አለች፤ ሚስት ናትና ዝም ማለት አትችልም።

ከዚያ ድባቡ ተዘረጋ።

ካህኑ ከፍ ሲያደርገው፣ ከሥሩ የቆመው ሰው «እንዴት ያምራል! ሰማይ እኮ ነው የሚመስለው!» አለ። የኔአለም ቀና አለች። ገበሩ ውኃ ሰማያዊ ነው። በቄስ ሙላት ራስ ላይ ነጫጭ ወፎች ይበራሉ። እልልታዋ መሐል ላይ ተቆረጠ።

ቤት እንደገባች ነጠላዋን ሳታወልቅ የቆርቆሮውን ሳጥን ጎተተች። ከመስቀል ወዲህ አልከፈተችውም ነበር። ውስጡ የቀረው መጋረጃው የሚንጠለጠልበት ቀለበት ብቻ ነው፤ አንድ እፍኝ፣ በክር የታሰረ። ሙሉሰው ሰው ሁሉ እየሳመው፣ እየመረቀው ዘግይቶ ገባ። ሳጥኑን አየ። ከዚያ ጥግ ያለው የስፌት ማሽን ጋ ሄዶ ተቀመጠ።

«ገበር አጥሮኝ ነው» አለ። «ሌላ እገዛልሻለሁ። ከዚያ የሚበልጥ።»

«የጨርቁን ነገር አልጠየቅሁህም።» ድምፅዋን ዝቅ አደረገች፤ እንዳላማው ፊት ቤት እንግዶች አሉት። «ለማርያም የተሳልከውን ሰጠህ፤ ለእኔ በተሳልከው ሰፍተህ። ይሁን። ግን ድባቡ ያለቀው እንዳላማው ነገሩን ከመንገሩ ወር በፊት ነው። ፊት ቤት እንደማንገባ ካላወቅህ፣ የፊት ቤቱን መጋረጃ ለምን ቀደድከው? ካወቅህ ደግሞ፣ ያን የማኅተም ወረቀት የጠየቅኸው ማንን ለማታለል ነው? ታውቅ ነበር ወይስ አታውቅም?»

ሙሉሰው የመርፌው ቀዳዳ ውስጥ ክር ለማስገባት ሞከረ፤ ሳተው። እንደገና ሞክሮ አስገባ።

«እሱን አልመልስልሽም፣ የኔአለም» አለ፤ የማሽኑንም መርገጫ ረገጠ።